«የሜይ ዌስት አባባል» ምንድን ነው?

«የሜይ ዌስት አባባል» የሚባለው ለአንድ ትዕይንት ተብሎ የተጻፈ፣ በአንዲት ገጸ ባሕርይ አፍ የተነገረ፣ ግማሽ ትርጉሙም ከወረቀቱ ይልቅ በአነጋገሩ ውስጥ ያለ የአሜሪካዊቷ የፊልም ተዋናይት የሜይ ዌስት ቃል ነው። ይህን ማብራራት ያስፈለገኝ፣ ስያሜው ደፋር ሴት ልትናገረው ትችላለች ተብሎ ለሚገመት ማንኛውም ዓረፍተ ነገር መጠሪያ እየሆነ በመምጣቱ ነው። ሰሞኑን አንድ አስተያየት ሰጪ፣ ሴትዮዋ አፏ እንዳመጣላት የምትናገር፣ ማንንም የማትፈራ እንደ ነበረች፣ የሕይወት ፍልስፍናዋንም በእነዚህ ጥቅሶች ትታልን እንደ ሄደች ጽፎ አነበብሁ። አለመፍራቷ እውነት ነው። አፏ እንዳመጣላት መናገሯና ፍልስፍና ትታልናለች የሚለው ግን የፊልም ታሪክ ለሚያስተምር ሰው ዝም ብሎ የሚታለፍ አይደለም።

ስለ ሕይወቷ ብዙ አልልም። በ1893 (ዓመታቱ ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው) ኒውዮርክ፣ ብሩክሊን ውስጥ ተወለደች፤ ከልጅነቷ ጀምሮ መድረክ ላይ አደገች፤ ሆሊውድ የደረሰችው በ1932፣ ሠላሳ ዘጠኝ ዓመት ሊሞላት ጥቂት ሲቀራት ነው። ለጉዳያችን ዋናው ነገር ተዋናይ ከመሆኗ ጋር ጸሐፊም መሆኗ ነው። በ1926 ጄን ማስት በሚል የብዕር ስም ጽፋ ራሷ የተጫወተችበት «ሴክስ» የተባለው ቲያትር በሚቀጥለው ዓመት ፍርድ ቤት አስቀረባት፤ አሥር ቀን እስራትና 500 ዶላር ተፈረደባት፤ ስምንቱን ቀን ታስራ በመልካም ጠባይ ተለቀቀች። በ1928 በኒውዮርኩ የቲያትር ሰፈር በብሮድዌይ ያቀረበችው «ዳይመንድ ሊል»ም የራሷ ድርሰት ነው። እንግዲህ ካሜራ ፊት ስትቆም ቃላት የሚመዝን እጅ ይዛ ነበር የመጣችው።

የመጀመሪያ ፊልሟ «ናይት አፍተር ናይት» ይህን ከማንኛውም በተሻለ ያሳያል። የፊልም ኩባንያው ፓራማውንት የሰጣት ድርሻ ትንሽ ነበር፤ እሷም የራሷን ንግግር እንደገና እንድትጽፍ ተፈቀደላት። ወደ ምሽት ክበቡ ስትገባ ኮትና ባርኔጣ የምትቀበለው ልጅ በጌጧ ተደንቃ «አቤት ቸርነቱ! እንዴት ያማሩ አልማዞች ናቸው!» እንደ ማለት ያለ አድናቆት ታሰማለች። ሜይ ዌስትም «ቸርነት እዚህ ውስጥ እጁ የለበትም፣ የኔ ቆንጆ» ብላ ትመልሳለች። ጥቅስ ሰብሳቢው እዚህ ላይ ያቆማል። ፊልሙ ግን አያቆምም፤ ንግግሯን እንደ ጨረሰች ፊቷን አዙራ፣ ሳትቸኩል፣ ዳሌዋን እያወዛወዘች ደረጃውን ትወጣለች፤ ካሜራውም ይከተላታል። በዚያ ጊዜ የሚነገር ሌላ ቃል የለም። አዳራሹ ውስጥ ያለው ተመልካች አልማዙ ከየት እንደ መጣ የሚያስብበትና የሚስቅበት ጊዜ ያ ነው። የፊልሙ መሪ ተዋናይ ጆርጅ ራፍት ከካሜራዎቹ በቀር ሁሉንም ነገር ሰረቀች አለ የሚባለው ስለዚሁ ፊልም ነው።

ነገሩን በአዝማሪ ቤት ማየት ይቀላል። አዝማሪው ስንኙን ይደርስና ማሲንቆውን ትንሽ ስቦ ይጠብቃል፤ በዚያች ክፍተት እንግዳው ነገሩ ማንን እንደ ነካ ይገባዋል፣ ሳቁ ይነሣል፣ ከዚያ በኋላ ነው ሌላው ስንኝ የሚመጣው። ያንኑ ስንኝ በማግስቱ ወረቀት ላይ ብንገለብጠው ቤት የመታ ሁለት መስመር እናገኛለን እንጂ ትናንት ያሳቀንን ነገር አናገኝም። ደግሞም አዝማሪው «እኔ» እያለ ስለ ፍቅሩ ሲያዜም፣ ስለ ግል ኑሮው እየተናዘዘ ነው ብሎ የሚያምን እንግዳ የለም። ሜይ ዌስት እስከዚህ ድረስ ከአዝማሪው ጋር አንድ ናት። የሚለያዩት አስተያየት ሰጪው በተሳሳተበት ቦታ ላይ ነው፤ አዝማሪ እንግዳው የወረወረለትን ቃል እዚያው አንስቶ ይገጥማል፣ እሷ ግን ስንኟን ከቤቷ ጨርሳ የምትመጣ ነበረች። በ1933 «ሺ ደን ሂም ሮንግ» በተባለው ፊልም ውስጥ የምትጫወታት ሌዲ ሉ የ«ዳይመንድ ሊል» ባለታሪክ ናት፤ ሆሊውድ ሳትደርስ በፊት በቲያትር ተመልካች ፊት ስትፈተን የኖረች ገጸ ባሕርይ ናት ማለት ነው። የትኛው ቃል እንደሚያስቅ፣ ከየትኛው በኋላ ዝም ማለት እንደሚገባ ተዋናይዋ አስቀድማ ታውቅ ነበር።

ትርጉሙ በአነጋገሩ ውስጥ ነው ያልሁትን የሚጠራጠር ካለ፣ እሑድ ታኅሣሥ 12 ቀን 1937 በኤንቢሲ ሬዲዮ የሆነውን ይመልከት። የአዳምና የሔዋን አጭር ጨዋታ ነበር፤ ደራሲው አርች ኦቦለር፣ አዳም ዶን አሜቺ፣ ሔዋን ሜይ ዌስት። ጽሑፉ ከመተላለፉ በፊት በጣቢያው ተነብቦ አልፏል። በእሷ ድምፅ ሲሰማ ግን የተቃውሞ ደብዳቤ ጎረፈ፣ የፌዴራል ኮሙኒኬሽን ኮሚሽን ጣቢያውን ወቀሰ፣ እሷም ከአሥር ዓመት በላይ ከሬዲዮ ራቀች። ቃላቱ የሌላ ሰው ነበሩ፤ ያነበቧቸው ኃላፊዎችም ነውር አላገኙባቸውም። ነውሩን ያመጣው የድምፅዋ መጎተት፣ ትንፋሿና ዝምታዋ ነው። ሬዲዮ ደግሞ ፊትና ወገብ የማይታይበት በመሆኑ፣ ከዚህ የተሻለ ማስረጃ ማግኘት ያስቸግራል።

እዚህ ላይ ሳልጠየቅ አንድ ማሳሰቢያ ልጨምር። የሆሊውድ የሥነ ምግባር ደንብ «በሜይ ዌስት ምክንያት ወጣ» እየተባለ ይጻፋል፤ ደንቡ የጸደቀው ግን በ1930፣ እሷ ፊልም ከመሥራቷ ሁለት ዓመት ቀደም ብሎ ነው። በሐምሌ 1934 የሆነው ደንቡ በጆሴፍ ብሪን በሚመራ የምርመራ ቢሮ ኃላፊነት በጥብቅ መተግበር መጀመሩ ነው፤ የሷ ፊልሞች ከምክንያቶቹ አንዱ ነበሩ እንጂ ብቸኛው አልነበሩም። ከዚያ ወዲያ ጽሑፉ አስቀድሞ ለቢሮው ይቀርብ ስለ ነበር፣ መርማሪዎቹ የሚቆርጡት እንዲያገኙና የምትፈልገው እንዲተርፍላት ሆን ብላ ከልክ ያለፉ ንግግሮችን ትጨምር እንደ ነበር ራሷ ኋላ ተናግራለች። አፏ እንዳመጣላት የምትናገር ሰው እንዲህ ያለ ስሌት ውስጥ አትገባም። ሌላም አለ፤ የአንዳንድ ክፍላተ ሀገር የምርመራ ቦርዶች የየራሳቸውን ቁራጭ ስለሚያስወጡ፣ በ1933 በአንዱ ከተማ የተሰማው ንግግር በሌላው ሁልጊዜ ተሰምቷል ማለት አይቻልም።

ወደ ፍልስፍናው ልመለስ። «ጥሩ ስሆን በጣም ጥሩ ነኝ፤ መጥፎ ስሆን ግን የበለጠ ጥሩ ነኝ» የምትለው ቲራ ናት፤ በ1933ቱ «አይም ኖ ኤንጀል» ውስጥ ጭንቅላቷን አንበሳ አፍ ውስጥ የምታስገባ የሰርከስ ሴት። «ቁም ነገሩ በሕይወትሽ ውስጥ ያሉት ወንዶች ሳይሆኑ በወንዶቹ ውስጥ ያለው ሕይወት ነው» የሚለውም የዚችው የቲራ ነው፤ በፊልሙ ውስጥ ካለው ችሎት በኋላ ስለ ወንዶቿ ብዛት ስትጠየቅ የሰጠችው መልስ። ጥያቄው ሲወጣለት መልሱ ምክር ይመስላል፤ ጥያቄው ሲመለስለት ግን አንዲት ሴት ልታሳፍራት የመጣችውን ጠያቂ በራሷ ቃል መልሳ ስትይዛት እናያለን፤ ይህም ከምክር እጅግ የሚበልጥ ነገር ነው። ሜይ ዌስት በግል ኑሮዋ መጠጥና ሲጋራ የማትቀርብ፣ ሥራዋን አጥብቃ የምትይዝ ሴት ነበረች። እርግጥ ነው፣ በራሷና በገጸ ባሕርያቷ መካከል ያለውን ድንበር ሆን ብላ ታደበዝዝ ነበር፤ በ1959 ላሳተመችው የሕይወት ታሪኳ እንኳ ርእስ ያደረገችው ያንኑ ስለ አልማዙ የተናገረችውን ቃል ነው። ይህ ግን የደራሲ ውሳኔ ነው፤ እንደ ኑዛዜ የሚነበብ አይደለም።

ጥንቃቄ በጎደለበት ቦታ ቃሉም ራሱ ይለወጣል። በ«ሺ ደን ሂም ሮንግ» ውስጥ ለተዋናዩ ለኬሪ ግራንት የምትለው «ለምን አንድ ቀን ብቅ ብለህ አታየኝም?» የሚል ጥያቄ ነው፤ ሰው ሁሉ የሚያስታውሰው ግን «አንድ ቀን ብቅ በልና እየኝ» የሚለውን ትእዛዝ ነው። ጥያቄው ሰውየውን እንዲያስብ ይተወዋል፤ ትእዛዙ ግን ይጎትተዋል፤ ሌዲ ሉ ደግሞ ወንድ የምትጎትት ሴት አይደለችም። ከዚህ የሚከፋው ጭራሹን የሷ ያልሆነው ነው። «የምንኖረው አንድ ጊዜ ነው፤ በትክክል ከኖርነው ግን አንድ ጊዜ ይበቃል» የሚለው፣ ከፎቶዋ ሥር ዘወትር የሚጻፈው ቃል፣ ሲጠቀስ የኖረው በኮሜዲያኑ በጆ ኢ. ሉዊስ ስም ነው። «ጥሩ ሴቶች መንግሥተ ሰማያት ይገባሉ፤ መጥፎ ሴቶች የትም ይሄዳሉ» የሚለውም አብሮ የሚነሣው ከመጽሔት አዘጋጇ ከሄለን ጉርሊ ብራውን ጋር ነው። ሁለቱም በራሳቸው የቆሙ፣ ጠያቂም ሆነ ትዕይንት የማያስፈልጋቸው ንግግሮች ናቸው፤ የሷን ፊልሞች በትዕግሥት ያየ ሰው በመጀመሪያ የሚጠራጠራቸውም በዚሁ ነው።