ስለ ብርቱካን ሚደቅሳ ተሳስተን የምናወራቸው ነገሮች እና እውነታው

አራት ኪሎ ካፌ ውስጥ የቀድሞዋ ዳኛ፣ ተቃዋሚ ፖለቲከኛ እና የምርጫ ቦርድ ሰብሳቢ የብርቱካን ሚደቅሳ ስም ከተነሳ ጠረጴዛው ወዲያው ለሁለት ይከፈላል፣ ግማሹ ጀግና ናት ይላል ግማሹ መጨረሻ ላይ ለመንግስት አደረች ይላል፣ የሚገርመው ግን ሁለቱም ወገን የሚያወራው ታሪክ ውስጥ ዋስትና፣ ይቅርታ፣ ቦርድ፣ ፍርድ ቤት ሁሉም ተደበላልቆ ነው የሚመጣው። እኔን የሚያሳስበኝ እሱ ነው። ሰውየውን ወይ ሴትየዋን መውደድ መጥላት የራስ ጉዳይ ነው፣ የሰራችውን ስራ ግን በትክክል ማወቅ አለብን።

«ስዬ አብርሃን ነፃ አወጣቻቸው»

አላወጣቻቸውም። ብርቱካን ያኔ የፌደራል የመጀመሪያ ደረጃ ፍርድ ቤት ዳኛ ነበረች፣ የቀድሞው መከላከያ ሚኒስትር አቶ ስዬ ደግሞ ከ1993ቱ የሕወሓት ክፍፍል በኋላ በሙስና ተጠርጥረው ታስረው ነበር፣ እሷ ያደረገችው ዋስትና መፍቀድ ነው። ልደታ ችሎት ሄዶ የሚያውቅ ሰው ልዩነቱን ያውቀዋል፣ ዳኛው ዋስትና ፈቅጃለሁ ሲል ቤተሰብ ብር ፍለጋ ይሯሯጣል፣ ብሩ ገቢ ይሆናል፣ የመፍቻ ትዕዛዝ ተፅፎ ለፖሊስ ይደርሳል፣ ሰውየው ቤቱ ይገባል፣ ክሱ ግን እዛው አለ፣ በቀጠሮው ቀን ካልቀረበ ብሩም ይወረሳል እሱም ይያዛል። ጥፋተኛ ነው አይደለም የሚለው ገና አልተነካም። ህገ መንግስቱም አንቀፅ 19 ላይ ዋስትናን መብት ብሎ ነው ያስቀመጠው፣ ፍርድ ቤት የሚከለክለው ህግ በሚፈቅድለት ልዩ ሁኔታ ብቻ ነው። ስለዚህ ትዕዛዙ ራሱ ተራ የዳኝነት ስራ ነው፣ ታሪክ ያደረገው ከዛ በኋላ የሆነው ነገር ነው። አቶ ስዬ ከፍርድ ቤቱ እንደወጡ ፖሊስ መልሶ ያዛቸው፣ ብዙም ሳይቆይ ደግሞ ፓርላማው በአዋጅ 239/1993 በሙስና የተያዘ ሰው ዋስትና የለውም ብሎ ህጉን ቀየረ። አንዲት ወጣት ዳኛ ያለውን ህግ ስላነበበች ህጉ ተቀየረ፣ እኔ ሁሌም የሚያመኝ እዚህ ጋ ነው።

«ዳኛ ሆና ፖለቲካ ትሰራ ነበር»

ቅደም ተከተሉን እንይ። ከዳኝነት ወጥታ ጥብቅና ሰራች፣ ከዛ ቀስተ ደመና ፓርቲ ገባች፣ ቀስተ ደመና ከሌሎች ተቃዋሚ ፓርቲዎች ጋር ተቀላቅሎ ቅንጅት ሲሆን ምክትል ሊቀመንበር ሆነች፣ የ1997 ምርጫም መጣ። ዳኛ እያለች የፓርቲ ሰው አልነበረችም። ያንን የዋስትና ትዕዛዝ የፖለቲካ ውሳኔ ነበር የሚሉት በኋላ የሆነውን ወደ ድሮው ጊዜ ወስደው ነው። በነገራችን ላይ አቶ ስዬ ራሳቸው ከአመታት በኋላ እሷ የመሰረተችው አንድነት ፓርቲ ውስጥ ገብተዋል፣ እሷ ያኔ እስር ቤት ነበረች።

«ይቅርታ ስለጠየቀች ጥፋቷን አምናለች፣ ደግሞ ካደች»

ይሄ በጣም የተወሳሰበው ነው። በ1998 ከቅንጅት አመራሮች ጋር ታሰረች፣ ሐምሌ 1999 እድሜ ልክ ተፈረደባት፣ በዛው ሳምንት ውስጥ በሽማግሌዎች ድርድር በኩል በመጣ የይቅርታ ሰነድ ተፈቱ። ይቅርታ እና ምህረት አንድ አይደሉም፣ በይቅርታ ፍርዱ አይሰረዝም ቅጣቱ ነው የሚቀረው፣ ለዚህ ነው ይቅርታ ከተነሳ የድሮው ቅጣት እንዳለ ተመልሶ የሚመጣው። እሷም ላይ የሆነው ይሄው ነው፣ ስዊድን ሄዳ ስለ ይቅርታው አካሄድ ተናገረች፣ መንግስት «ይቅርታ አልጠየቅኩም ብለሻል፣ አስተባብይ» አላት፣ እሷ ደግሞ «ቃሌ» በሚለው ፅሁፏ የፈረመችውን እንዳልካደች፣ የተናገረችው በሽማግሌ በኩል ስለሄደበት መንገድ እንደሆነ በግልፅ አስቀመጠች። ታኅሣሥ 2001 ያለ አዲስ ክስ ያለ አዲስ ችሎት እድሜ ልኩ ተመለሰባት፣ ቃሊቲ እስር ቤት ገባች፣ መስከረም 2003 በድጋሚ በይቅርታ ወጣች። እንግዲህ ካደች የምትሉ ሰዎች ያን ፅሁፍ አንብቡትና ከዛ እንከራከር።

«የጠቅላይ ፍርድ ቤት ፕሬዝዳንት ነበረች»

የጠቅላይ ፍርድ ቤት ፕሬዝዳንት የነበሩት ወ/ሮ መዓዛ አሸናፊ ናቸው። ሁለቱም ሴት፣ ሁለቱም የቀድሞ ዳኛ፣ ሁለቱም በ2011 መጀመሪያ በሳምንታት ልዩነት ፓርላማ የሾማቸው ስለሆኑ ይቀላቀላሉ። ብርቱካን ከአሜሪካ ተመልሳ የተሾመችው የምርጫ ቦርድ ሰብሳቢ ሆና ነው።

«ቦርዱ ላይ ሆና የፈለገችውን ትወስን ነበር፣ ከሷ በላይ ማንም የለም»

ቦርድ ፍርድ ቤት አይደለም፣ ውሳኔው ላይ ይግባኝ አለ። ጥሩ ምሳሌው የተቃዋሚው ባልደራስ ፓርቲ ጉዳይ ነው። ፓርቲው የታሰሩት አመራሮቹ እነ እስክንድር ነጋ በእጩነት ይመዝገቡልኝ ብሎ ከቦርዱ ጋር ፍርድ ቤት ተካሰሰ፣ እስከ መጨረሻው ሰበር ሰሚ ችሎት ሄደና ችሎቱ ይመዝገቡ አለ፣ ቦርዱ መጀመሪያ ድምፅ መስጫ ወረቀቱ ታትሟል ጊዜ የለም ብሎ ነበር፣ ብዙ ሰው ተቆጣ፣ እኔም በጣም ነው የከፋኝ ምክንያቱም የፍርድ ቤት ትዕዛዝ ሲጣስ ምን እንደሚሆን ከሷ በላይ ያየ ሰው የለም። በመጨረሻ ግን ተቀበሉት፣ ተመዘገቡ። ሰኔ 14 2013 ምርጫው ሲደረግ ሰልፉ ስላላለቀ ሰዓቱ እስከ ምሽቱ 3 ተራዘመ፣ ብልፅግናም ውጤታቸው ከተገለፀው 436 ወንበሮች 410ሩን ወሰደ። ከምርጫው በፊት የታሰረው ሰው፣ በፀጥታ ምክንያት ድምፅ ያልሰጠው አካባቢ፣ ይሄ ሁሉ ትክክለኛ ወቀሳ ነው፣ ግን ብዙው ቦርዱ እጅ ላይ ያልነበረ ነገር ነው፣ ቦርዱ እጅ ላይ በነበረው እንውቀሳት።

«ተባረረች»

አልተባረረችም። ሰኔ 2015 በጤና ምክንያት በራሷ ፈቃድ እንደምትለቅ አሳወቀች፣ ወንበሩን በኋላ ፓርላማ ለሜላትወርቅ ኃይሉ ሰጠው። ከዚህ ውጪ ሌላ ምክንያት አለ የሚል ሰው ማስረጃውን ያምጣ፣ እስካሁን ያየሁት ወሬ ብቻ ነው።