ኪሪባስ ምን ማለት ነው?

በፓስፊክ ውቅያኖስ ካርታ ላይ «ኪሪባቲ» የሚል የደሴቶች አገር ስም ያነበበ ሰው የደሴተኞቹን ጥንታዊ ቃል ያገኘ ይመስለዋል። ድምፁ ያሳስታል። ስሙ የአንድ እንግሊዛዊ የመርከብ አዛዥ ነው፦ ጊልበርት።

ቶማስ ጊልበርት «ሻርሎት» በተባለች መርከብ እስረኞችን ከእንግሊዝ አውስትራሊያ ካደረሰ በኋላ፣ እ.ኤ.አ. በ1788 ሻይ ሊጭን ወደ ቻይና ሲሻገር በደሴቶቹ በኩል አለፈ። ሥራው ይኸው ነው፤ ማለፍ። በ1820 አካባቢ ደግሞ ክሩዘንሽተርን የተባለ የሩሲያ ባሕር ኃይል ሹም ደሴቶቹን «ጊልበርት» ብሎ ሰየማቸው። ነዋሪዎቹ አገራቸውን «ቱንጋሩ» ይሉ እንደነበር የጠየቀ አልነበረም። ብሪታንያ በ1892 ጥበቃዬ ሥር ናቸው አለች፤ በ1916 ቅኝ ግዛት አደረገቻቸው።

እ.ኤ.አ. ሐምሌ 12 ቀን 1979 ነጻነት ሲመጣ ቱንጋሩ ይመለሳል ብሎ መጠበቅ ያባት ነበር። ችግሩ ቱንጋሩ የአንዱ የደሴት ሰንሰለት ስም ብቻ መሆኑ ነው። አዲሱ አገር ግን ባናባን፣ የፊኒክስንና የላይን ደሴቶችንም ያቀፈ ነበር፤ ቅኝ አስተዳደሩም እነዚህን ሁሉ በጊልበርት ስም ጠቅልሏቸው ቆይቷል። ስለዚህ ስሙን አልጣሉትም፤ በራሳቸው አፍ አላምጠው የራሳቸው አደረጉት።

አላመጣጡ ነው የሚጥመው። የአገሩ ቋንቋ «ግ» እና «ል» የሉትም፤ በምትካቸው «ክ» እና «ር» ይገባሉ። ተነባቢ በተነባቢ ላይ መደረብም አይወድም፤ በመካከል አናባቢ ያስገባል። እንግሊዞች ደሴቶቹን በብዙ ቁጥር «ጊልበርትስ» ሲሏቸው በዚህ ወንፊት አልፎ «ኪሪባስ» ሆነ።

ታዲያ «ቲ» ከየት መጣች? በላቲን ፊደል ሲጻፍ «ኤስ» የሚባለው ፊደል የላቸውም፤ «ቲ» (ti) ብለው የሚጽፉት ነው «ስ» ተብሎ የሚነበበው። ለአማርኛ ተናጋሪ ይህ እንግዳ ነገር አይደለም። ወንዱን «በሩን ክፈት» ብለን ሴቷን «ክፈቺ» እንላለን፤ «ት» ከ«ኢ» ጋር ሲገናኝ በእኛ አፍ «ች» ይሆናል፣ በእነሱ «ስ» ሆነ። ስለዚህ በግእዝ ፊደል «ኪሪባቲ» ብለን ስንጽፍ የላቲኑን ፊደል እንገለብጣለን እንጂ የሰዎቹን ድምፅ አንጽፍም።

ጄምስ ኩክ በ1777 በገና ዋዜማ የደረሰበት ደሴትም ዛሬ የዚሁ አገር ነው። ስሙ «ኪሪቲማቲ» ተብሎ ይጻፋል። ሁለቱን «ቲ» በ«ስ» ተክታችሁ ጮክ ብላችሁ አንብቡት።