መጤ ወራሪ ዝርያዎች በደሴና በኮምቦልቻ ዙሪያ

መጤ ወራሪ ዝርያ የሚባለው በሰው እጅ ወይም በሰው ጭነት ተሳፍሮ ወደማያውቀው አገር ከገባ በኋላ፣ የሚቆጣጠረው ተፈጥሯዊ ጠላት ስለሌለ ነባሩን እየገፋ የሚስፋፋ ተክል፣ ነፍሳት ወይም እንስሳ ነው። በደቡብ ወሎ የዚህ ነገር ታሪክ ከመንገድ ታሪክ ተለይቶ አይነገርም። ደሴ በጦሳና በአዝዋ ገደል መካከል በ2,500 ሜትር ከፍታ አካባቢ ተቀምጣለች። ኮምቦልቻ ከእሷ 25 ኪሎ ሜትር ገደማ ቁልቁል፣ በ1,850 ሜትር አካባቢ ትገኛለች። ከኮምቦልቻ በባቲ በኩል ወደ ሚሌና ወደ ቀይ ባሕር የሚወርደው መንገድ በጣሊያን ወረራ ዘመን የተሠራ ሲሆን፣ አሰብ እስከ 1990 ዓ.ም. የአገሪቱ ዋና ወደብ በነበረበት ዘመን ሁሉ የወሎ በር እሱ ነበር። በዚህ መንገድ በግማሽ ቀን ከውርጭ ወደ በረሃ ይወረዳል። ስለዚህ ብርድ የሚወድም ሆነ ሙቀት የሚወድ እንግዳ በመንገዱ ላይ የሚስማማውን ቦታ አያጣም።

መጤ ሁሉ ወራሪ እንዳልሆነ መታወቅ አለበት። በቆሎ፣ ድንችና በርበሬ ከአሜሪካ አህጉር የመጡ ናቸው፤ ዛሬ የወሎን ገበሬ ማዕድ ያለ እነሱ ማሰብ አይቻልም። ከዚህ በታች የሚዘረዘሩት ጉዳታቸው በግልጽ የታየ ወይም ገና የሚያከራክር ናቸው።

ቅንጬ

በካሉና በኮምቦልቻ ዙሪያ ገበሬው አብዝቶ የሚያማርረው አረም ቅንጬ ነው። በሐረርጌ ፋራምሲሳ ይሉታል፤ ሳይንሳዊ ስሙ ፓርቴኒየም ሂስተሮፎረስ ነው። መነሻው በሜክሲኮ ባሕረ ሰላጤ ዙሪያ ያለው ሞቃታማ አሜሪካ ነው። ከበቀለ ከ4 እስከ 6 ሳምንት ውስጥ ያብባል፤ አንድ እግር ከ15,000 እስከ 25,000 ዘር ሊሰጥ ይችላል። ዘሩ ደቃቅ ስለሆነ በጎርፍ፣ በመኪና ጎማ፣ በእህልና በሳር ጭነት ይጓዛል። ከአረሙ የሚወጣው ፓርቴኒን የተባለ ንጥረ ነገር አጠገቡ ያለውን ተክል ያቀጭጫል። በምሥራቅ ኢትዮጵያ በማሽላ ላይ በተደረገ ሙከራ፣ ካልታረመ ምርቱን ከ40 እስከ 97 በመቶ እንደሚቀንስ ታይቷል። የበላችው ላም ወተቷ ይመራል። በእጅ የሚያርመው ሰውም ቆዳው ይቆጣል፣ ያሳክከዋል፤ አስም ያለበትን ደግሞ ያስነሳበታል።

ወደ ኢትዮጵያ እንዴት እንደገባ ሁለት አስተያየት አለ። አንደኛው በ1969 እና በ1970 ዓ.ም. የኢትዮጵያና የሶማሊያ ጦርነት ጊዜ ከወታደራዊ ተሽከርካሪዎች ጋር ወደ ምሥራቁ ክፍል ገባ ይላል። ሁለተኛው ከእርዳታ እህል ጋር መጣ የሚለው ሲሆን፣ በመጀመሪያ ከታየባቸው ቦታዎች መካከል የእርዳታ ማከፋፈያ ጣቢያዎች አካባቢ መጠቀሱን በማስረጃነት ያቀርባል። ሁለቱም መንገድ ሠርቶ ሊሆን ይችላል፤ ለወሎ ግን ሁለተኛው የበለጠ አሳማኝ ነው። በ1977ቱ ረሃብ ጊዜ ከአሰብ የተጫነው ስንዴ በኮምቦልቻ መጋዘኖችና በደሴ አልፎ ነው ወደ ሰሜን የወጣው። ሕንድም ይህንኑ አረም በ1950ዎቹ (እ.ኤ.አ.) ከአሜሪካ በተላከ ስንዴ ሳቢያ እንዳገኘችው በሰፊው ይታመናል።

ስለ ቅንጬ የሚያነብ ሰው አንድ ነገር ልብ ይበል፦ በምሥራቅ ሐረርጌም ኮምቦልቻ የሚባል ወረዳ አለ። ስለ አረሙ ቀደም ብለው የወጡት ጥናቶች ብዙዎቹ በዚያው በሐረርጌ የተሠሩ በመሆናቸው፣ በጽሑፎች ውስጥ «ኮምቦልቻ» ሲባል የትኛው እንደሆነ ሳይጣራ ወደ ወሎው መውሰድ ስህተት ላይ ይጥላል።

አረሙ በአገር ውስጥ ጠላት ጨርሶ የለውም ማለት አይቻልም። ዋግ መሰል የፈንገስ በሽታ በደጋማና በወይና ደጋ ቦታዎች ላይ ሲያጠቃው ተገኝቷል። ከውጭ የመጣች ቅጠል በል ጥንዚዛም በምርምር ተፈትሻ በምሥራቅ ሸዋ ተለቃለች።

የሐይቅ ውሃና ቆሮሶ

ከደሴ በስተሰሜን 30 ኪሎ ሜትር ገደማ ርቆ በተሁለደሬ ወረዳ የሚገኘው ሐይቅ፣ በአገራችን ከሌላ ቦታ የመጣ ዝርያ ያደረሰው ለውጥ በደንብ ከተመዘገበባቸው ጥቂት ውሃዎች አንዱ ነው። ስፋቱ 23 ካሬ ኪሎ ሜትር ገደማ ሲሆን ጥልቀቱ ከ80 ሜትር ይበልጣል። ወደ ውጭ የሚፈስ ወንዝ የለውም፤ አንከርካ ይገባበታል እንጂ ከእሱ የሚወጣ የለም። ቀድሞ ደሴት የነበረችው ልሳነ ምድር ላይ ያለው የሐይቅ እስጢፋኖስ ገዳም በ13ኛው መቶ ዘመን በአባ ኢየሱስ ሞዓ ጊዜ የአገሪቱ ታላቅ የትምህርት ቤት ነበር። አቡነ ተክለ ሃይማኖትም የተማሩት እዚሁ ነው። ከመላ ኢትዮጵያ ደቀ መዛሙርት የጎረፉበት ውሃ፣ ከብዙ መቶ ዓመታት በኋላ ደግሞ የውሃ ተመራማሪዎችን ስቧል።

በጣሊያን ዘመን የመጡ አጥኚዎችም ሆኑ በ1962 ዓ.ም. አካባቢ ስለ ሐይቁ የጻፉት ባክስተርና ጎሎቢች ያገኙት ውሃ ጥርት ያለና አልጌ የማይበዛበት ነበር። የውሃን ጥራት ለመለካት የሚወርደው ነጭ ሳህን ብዙ ሜትር ወርዶም ይታይ ነበር። በ1971 ዓ.ም. (እ.ኤ.አ. በ1978 መጨረሻ) ቆሮሶ (ቲላፒያ) የተባለው አሳ ወደ ሐይቁ ተጨመረ። ቆሮሶ ለኢትዮጵያ ባዳ አይደለም፤ ጣናና የስምጥ ሸለቆ ሐይቆች የተፈጥሮ ቤቱ ናቸው። እንግዳ የሆነው ለዚህ ሐይቅ ብቻ ነው። አሳቡም መልካም ነበር፦ በድርቅ የተጎዳ ሕዝብ ከደጁ ምግብ እንዲያገኝ።

አሳው ተራባ፤ አሳ አጥማጅነት ሥራ ሆነ። ዛሬም በደሴና በኮምቦልቻ ምግብ ቤቶች የሚቀርበው የሐይቅ አሳ ለአካባቢው ስም ያተረፈ ነው፣ ይገባዋልም። ውሃው ግን ተለወጠ። ከአሥር ዓመት ገደማ በኋላ የተመለሱ ተመራማሪዎች ያገኙት አረንጓዴ የለበሰ፣ ሳህኑ 1 ሜትር ገደማ እንደወረደ የሚጠፋበት ሐይቅ ነበር። እ.ኤ.አ. በ1992 የታተመው ጥናታቸው ለውጡን ከቆሮሶ ጋር አያይዞታል። ቀድሞ አልጌውን እየበሉ ውሃውን የሚያጠሩት በዓይን ለማየት የሚያስቸግሩ ትናንሽ ተንሳፋፊ እንስሳት ነበሩ፤ የቆሮሶ ጫጩት እነሱን በመብላቱ አልጌው ያለ ከልካይ በዛ። አልጌው ሞቶ ሲበሰብስ ደግሞ ኦክስጅን ይፈጃል፤ ስለዚህ አሳ የማይኖርበት የታችኛው ውሃ ወደ ላይ ይቀርባል።

ለለውጡ ቆሮሶን ብቻ መክሰስ ይከብዳል። በዙሪያው ያሉት ተራሮች በዚያው ዘመን ተራቁተዋል፤ ጎርፍ አፈር፣ በኋላም ከማሳ የታጠበ ማዳበሪያ ወደ ውሃው ያስገባል። በ2000 ዓ.ም. አካባቢ የተደረጉ ጥናቶች ውሃው በመጠኑ መጥራቱን አሳይተዋል፤ ዓሣ ማስገርና የአየር ሁኔታ ሳይረዱት አልቀሩም። ከቆሮሶ በኋላ ካርፕ የተባለውም አሳ በሐይቁ ይያዛል። አንድ ውሃ ውስጥ አንዴ የተለቀቀ አሳ አይሰበሰብም፤ የቀረው ሥራ መጠኑን በመረብ መቆጣጠር ነው።

ባህር ዛፍ

ባህር ዛፍ በምኒልክ ዘመን፣ በ1880ዎቹ ዓ.ም. ከአውስትራሊያ ወደ አገር ገባ። ደጋው ላይ ነጩ፣ ወይና ደጋውና ቆላው ላይ ቀዩ ይተከላል። የደሴ ጭቃ ቤት ቋሚው፣ ማገሩና የግንባታው አጣና ከእሱ ነው፤ ጭራሮውና ቅጠሉ ደግሞ ለምጣድ ይማገዳል። በደርግ ዘመን፣ በተለይ ከረሃቡ በኋላ፣ ሕዝቡ ስንዴና ዘይት እየተከፈለው የወሎን ተራሮች በባህር ዛፍና በፈረንጅ ጽድ ሸፈነ። ከኮምቦልቻ በላይ ያለው የየጎፍ ደን የአገር ጽድና ወይራ እስከ ዛሬ ይታዩበታል፤ ከጎናቸው ግን የተተከሉት መጤ ዛፎች ሰፊ ቦታ ይዘዋል።

ባህር ዛፍን ወራሪ ማለት ይከብዳል፤ ካልተከሉት በራሱ ብዙም አይዛመትም። ውሃ ይጠጣል፣ ሥሩ እህል አያበቅልም የሚለው ወቀሳ በምንጭ ዳርና በማሳ ድንበር ላይ እውነት ነው። ነገር ግን ያለ ባህር ዛፍ የአገሩ ደን ቅሪት ለማገዶ ሲባል ገና ድሮ ያልቅ ነበር ለማለት ብዙ ማሰብ አያስፈልግም።

ሌሎች

ወያኔ ዛፍ (ፕሮሶፒስ ጁሊፍሎራ) በ1970ዎቹ (እ.ኤ.አ.) መጨረሻ በመካከለኛው አዋሽ አፈር እንዲይዝ ተብሎ ተተከለ። ዛሬ በአፋር ከአንድ ሚሊዮን ሄክታር በላይ መሬት ይዟል። ኮምቦልቻ ድረስ በኃይል አልወጣም፤ በአፋር አዋሳኝ ቆላማ ወረዳዎች ግን ሥር ይዟል። ፍሬውን ከብትና ፍየል ይወዱታል፣ ዘሩም ሳይፈጭ በፋንድያ ይወጣል። በበጋ የአፋር ከብት የቦርከናን ውሃ ፍለጋ ወደ ጨፋ ሜዳ እንደሚመጣና የባቲ የሰኞ ገበያም የቆላና የደጋ እንስሳት መገናኛ እንደሆነ ለሚያውቅ፣ ዘሩ በየት ሊወጣ እንደሚችል ግልጽ ነው።

በለስ ከአሜሪካ የመጣ ሲሆን በክረምት በደሴ ጎዳና ተልጦ ይሸጣል። በትግራይ ለቀለም ተብሎ የገባው ኮቺኒል የተባለ ነፍሳት ከእጅ አምልጦ በራያ በኩል በለሱን አድርቋል።

መጤ የአሜሪካ ተምች በ2009 ዓ.ም. ኢትዮጵያ ገብቶ በአጭር ጊዜ በቆሎና ማሽላ ወደሚበቅልባቸው አካባቢዎች ተዛመተ።

ሌላዋ አዲስ መጤ አኖፊለስ ስቴፈንሳይ የተባለችው የወባ ትንኝ ናት። ከደቡብ እስያና ከዓረብ ምድር መጥታ እ.ኤ.አ. በ2012 በጅቡቲ፣ በ2016 በቀብሪ ደሃር ተገኘች፤ በኋላም ባቲ ውስጥ ተይዛለች። ነባሮቹ የወባ ትንኞች ረግረግና ኩሬ ሲመርጡ፣ እሷ በከተማ ሮቶ፣ በርሜልና የግንባታ ውሃ ማጠራቀሚያ ውስጥ ትራባለች። ኮምቦልቻ ከባቲ ቅርብ ናት፤ ግንባታም ሞልቶባታል።

ከፋብሪካ ጋር የመጣ ጉዳት ሕያው ዝርያ ባይሆንም የዚሁ የዓለም ገበያ ልጅ ነው። በኮምቦልቻ የለዮሌና የወርቃ ወንዞች ላይ በተደረጉ ጥናቶች ክሮሚየምና ሌሎች ከባድ ብረቶች ተገኝተዋል፤ ሁለቱም ወደ ቦርከና ይገባሉ። የኢንዱስትሪ ፓርኩ በ2009 ዓ.ም. ተመርቋል፤ ከተማዋም በእሱ መኩራቷ አይፈረድባትም።

መከላከል

ቅንጬን በተመለከተ በገበሬው ዘንድ የሚሠራው ዘዴ ሳያብብ በእጅ መንቀል ነው፤ ጓንት ወይም ፌስታል እጅ ላይ ይጠለቃል። ካበበ በኋላ የተነቀለው ማሳ ዳር ከተጣለ ዘሩ ስለሚረግፍ መቃጠል አለበት። ያላበበው ለኮምፖስት ይሆናል። አረሙ ካለበት ቦታ ሳር፣ አሸዋና ጠጠር ጭኖ ወደ ሌላ ቀበሌ የሚሄድ መኪና ዘር ይዞ ይሄዳል፤ የግንባታ አሸዋ በተደፋበት ቦታ በክረምቱ ቀድሞ የሚበቅለውም ብዙ ጊዜ ቅንጬ ነው።