ስፕሩስ ምንድን ነው? ከእኛ ጥድስ በምን ይለያል?

ደብረ ማርቆስ ላይ ችግኝ ከሚሸጥ ሰው ዘንድ ሄዳችሁ «የገና ዛፍ አለ?» ብትሉ የሚያወጣላችሁ ጥድ ነው። ፊልም ላይ በረዶ ተሸክሞ የምናየው ዛፍ ግን ብዙ ጊዜ ስፕሩስ ነው። በሩቁ ይመሳሰላሉ እንጂ ሌላ ናቸው።

ስፕሩስ የሰሜኑ ብርዳም አገር ዛፍ ነው፤ ኖርዌይ፣ ሩሲያ፣ ካናዳ። ቅጠሉ መርፌ ይመስላል። አራት ጎን ስላለው በሁለት ጣት ይዛችሁ ብታሹት ይንከባለላል። ፍሬው ወደ ታች ይንጠለጠላል። የኖርዌዩ ዓይነት ከ40 ሜትር በላይ ሊረዝም ይችላል፤ ሥሩ ግን ወደ ጎን እንጂ ወደ ታች ብዙም አይሄድም። ኃይለኛ ነፋስ ከነሥሩ ይጥለዋል። ከቤት ራቅ አድርጎ መትከል የሚሻለው ለዚህም ነው።

«ታዲያ ጮቄ ላይ አይሆንም? እሱም ብርድ ነው» ያለኝ ሰው አለ። ብርዱ ለየቅል ነው። ስፕሩስ ወራት ሙሉ በረዶ ውስጥ አንቀላፍቶ፣ ሙቀት ሲመጣ መንቃት የለመደ ዛፍ ነው። ጮቄ ደግሞ ሌሊቱ ውርጭ፣ ቀኑ ፀሐይ።

ለጎጃም ግቢ ያለን ምርጫ ሁለት ጥድ ነው። የሐበሻ ጥድ በየቤተ ክርስቲያኑ ዙሪያ የምናውቀው ነው። ቀስ ብሎ ያድጋል፤ እንጨቱን ግን ምስጥ በቀላሉ አይደፍረውም። ወንዱና ሴቷ ብዙ ጊዜ ለየብቻ ናቸው፤ ሰማያዊ ፍሬ የምትይዘው ሴቷ ናት። «ጥዴ አላፈራ አለኝ» የምትሉ፣ ወንድ ሊሆን ይችላል። የፈረንጅ ጥድ ከሜክሲኮና ከጓቲማላ አካባቢ የመጣ ነው። ፈጣን ነው፣ አጥር ይሆናል። እኔ ቦታ ላለው ሰው የሐበሻውን እመርጣለሁ፤ ትዕግሥት ካላችሁ ማለቴ ነው።

አተካከሉ ብዙ አያስቸግርም። ክረምቱ ሲገባ ትከሉ። ፕላስቲኩን አውልቁ፤ ከነፕላስቲኩ የሚተክል ሰው ዛሬም አለ! አፈሩ ዋልካ ከሆነ ውሃ ስለሚያቁር፣ አፈሩን ከፍ አድርጋችሁ ቆልላችሁ ጉብታው ላይ ትከሉ። በመጀመሪያው በጋ ውሃ አትንፈጉት።

ትልቁ ጉዳይ መቀሱ ነው። ባሕር ዛፍ ቢቆረጥ ከጉቶው ያቆጠቁጣል። የፈረንጅ ጥድ እንደዚያ አይደለም። ስፕሩስም በዚህ ይመስለዋል። ቅጠል ከሌለው ደረቅ ቡናማ እንጨት ላይ ከቆረጣችሁት አዲስ ቅጠል አይሰጥም። ስለዚህ አረንጓዴውን ብቻ፣ በየጊዜው፣ በትንሽ በትንሹ። አንድ ዓመት ችላ ብሎ በኋላ በአንዴ መግፈፍ አይሆንም።

ይህን የተማርኩት በራሴ አጥር ነው። ወደ መንገዱ በዝቷል ብዬ እስከ እንጨቱ ከረከምኩት። ቀዳዳው እስካሁን አልሞላም፤ የዶሮዎቹ በር ሆኗል።