«የንጉሡ ቀስት» ምን ማለት ነበር?

በቅኝ ግዛት ዘመን በሰሜን አሜሪካ ኒው ኢንግላንድ ጫካዎች ውስጥ፣ በመጥረቢያ ሦስት ጊዜ ተመትቶ የቁራ እግር የሚመስል ምልክት ያረፈበት ነጭ ፓይን (ከአበሻ ጥድ ጋር አንድ ዛፍ አይደለም) ለእንግሊዝ ባሕር ኃይል መርከቦች የሸራ ምሰሶ እንዲሆን የተከለለ ነበር። ምልክቱ «የንጉሡ ቀስት» ይባል ነበር።

ክልከላውን ያመጣው ግን ምልክቱ ሳይሆን ልኩ ነው። እ.ኤ.አ. በ1691 የወጣው የማሳቹሴትስ ቻርተር (የዚያ ቅኝ ግዛት መተዳደሪያ የንጉሥ ሰነድ)፣ ቀደም ሲል ለግለሰብ ባልተሰጠ መሬት ላይ የበቀለና ከመሬት 12 ኢንች ከፍ ብሎ ሲለካ 24 ኢንች ወይም ከዚያ በላይ የሆነን ዛፍ ያለ ፈቃድ የቆረጠ ሰው በእያንዳንዱ ዛፍ 100 ፓውንድ እንዲቀጣ ይደነግግ ነበር። አንባቢን የሚያሳስተው እዚህ ላይ ነው፤ 24 ኢንች የግንዱ ዲያሜትር እንጂ ዙሪያው አይደለም፤ ዙሪያው በገመድ ቢለካ 75 ኢንች ገደማ ይሆናል።

ለምን ውፍረት? የመርከብ ሠሪዎች ልማድ ለእያንዳንዱ ኢንች ውፍረት አንድ ያርድ ርዝመት ስለሚሰጥ፣ 36 ኢንች የሆነ የሸራ ምሰሶ 33 ሜትር ያህል ይረዝም ነበር። እንግሊዝ ለመርከብ አካል የሚሆን ኦክ የተባለ ዛፍ ቢኖራትም እንዲህ ያለ ቀጥ ያለ ግንድ አልነበራትም፤ ከባልቲክ ባሕር አካባቢ የምታስመጣውን ደግሞ ጦርነት ሊዘጋባት ይችል ነበር።

በ1722 የወጣው ሕግ ከከተማ ወሰን ውጭ ያለውን ነጭ ፓይን ሁሉ፣ ቀጭኑንም ጭምር፣ ከለከለ። በ1772 በኒው ሃምፕሸር፣ በዊር ከተማ፣ ለዚሁ ጉዳይ ሰው ሊያስር የመጣውን ሸሪፍ (የአካባቢ ሕግ አስከባሪ) ነዋሪዎቹ በአርጩሜ ገርፈው አባረሩት፤ የተፈረደባቸው ቅጣት በነፍስ ወከፍ 20 ሽልንግ ብቻ ነበር።