«ልጅ ቆሞ የማያየውን ሽማግሌ ተቀምጦ ያየዋል»፦ የአባባሉ ትርጓሜ፣ መነሻውና የሰማይ ላይ ዕዝ

በባሕር ዳርና በጣና ዙሪያ ሽማግሌ በተሰየመበት፣ ዕድር በተሰበሰበበት፣ ልጅ ከአባቱ ጋር በተከራከረበት ቦታ ሁሉ ከሚሰሙት አባባሎች አንዱ «ልጅ ቆሞ የማያየውን ሽማግሌ ተቀምጦ ያየዋል» የሚለው ነው። አንዳንዱ «ልጅ ዛፍ ላይ ወጥቶ የማያየውን» ይላል፤ ሌላው ደግሞ «ሽማግሌ ተቀምጦ ያየውን ልጅ ቆሞ አያየውም» ብሎ ገልብጦ ይናገረዋል። የተለመደው ፍቺ ግልጽ ነው፤ ዕድሜና ልምድ ከዓይን ጥራትና ከቁመት ይበልጣሉ፣ ወጣት ሮጦ የማይደርስበትን አዋቂ በማሰብ ይደርስበታል ማለት ነው። ይህ ፍቺ ስሕተት የለበትም፤ ነገር ግን ግማሽ ነው ብዬ አምናለሁ። የአባባሉ ክብደት ያረፈው «ሽማግሌ» በሚለው ቃል ላይ ብቻ አይደለም፤ ከዚያ ይልቅ «ተቀምጦ» በሚለው ላይ ነው።

በአማርኛ መቀመጥ ጉልበት ማሳረፍ ብቻ አይደለም። ችሎት ይቀመጣል፣ ጉባኤ ይቀመጣል፣ ሽማግሌ ለዕርቅ ይቀመጣል። በዋርካ ሥር በሚደረግ ሽምግልና ከሳሽም ተከሳሽም ቆመው ይናገራሉ፣ ምስክርም ቆሞ ያየውን ይመሰክራል፣ ሽማግሌዎቹ ግን ተቀምጠው ይሰማሉ። የቆመው ሰው በገዛ ዓይኑ ያየው አንድ ነገር አለው፤ የተቀመጠው ሰው በዓይኑ ያየው ምንም ላይኖር ይችላል፤ ሆኖም ቆመው የተናገሩት ሁሉ እሱ ዘንድ ይገናኛሉ። የአባባሉ መነሻ ይህ ሸንጎ ይመስለኛል፤ በእኔ ግምት ቆሞና ተቀምጦ በአጋጣሚ የተጣመሩ ቃላት አይደሉም፣ ባለጉዳይና ዳኛ በዋርካው ሥር የሚይዙት ቦታ ነው እንጂ። «ሽማግሌ» የሚለውም ቃል ቢሆን ዕድሜን ብቻ አይናገርም፤ ሽማግሌ ይመረጣል፣ ሽማግሌ ይላካል፣ ሥራው ሲያልቅም ይበተናል።

ይህን ትርጓሜ የተማርሁት በልጅነቴ፣ ከጣና ዳር ካለ የአያቴ የበቆሎ ማሳ ላይ ነው። በቆሎው እሸት ሲይዝ ሦስት ማማ ይተከላል፤ አንዱ ወደ ሐይቁ፣ አንዱ ወደ ወንዙ፣ አንዱ ወደ ጫካው። በየማማው ላይ አንድ አንድ ልጅ ወንጭፍና የድንጋይ ቁልል ይዞ ይወጣል። እኔ የጫካው ማማ ላይ ነበርሁ፤ ከእኔ ፊት ለፊት ያለውን የቅጠል ንቅናቄ ሁሉ አይ ነበር፤ ከጀርባዬ ያለውን ግን አላይም። አያቴ ከታች ግራር ሥር በርጩማ ላይ ተቀምጠው፣ በቆሎው ከራሳቸው በላይ ቆሞ፣ ከአምስት ክንድ በላይ አርቀው ሊያዩ አይችሉም ነበር። አንድ ቀን ሁለት ጦጣዎች በእኔ በኩል ብቅ አሉና ጮኼ ወንጭፌን ሳሽከረክር፣ አያቴ «ተዋቸው፣ እነዚያ ለማታለያ ናቸው፤ የወንዙ ማማ! ወደ ታች ወርውር!» አሉ። የወንዙ ልጅ ቢወረውር መንጋው ከሸንበቆው ውስጥ ተግተልትሎ ወጣ። «አባባ፣ እንዴት አዩዋቸው?» ብዬ ብጠይቃቸው «የወንዙ ልጅ ቅድም ወፎቹ ተነሡ አላለም? የሐይቁ ልጅ ዝም አላለም? አንተ ሁለት ብቻ አየሁ አላልህም? መንጋው ታዲያ የት ሊሄድ ነው?» አሉኝ። ሦስታችን ቆመን ያየነውን እሳቸው ተቀምጠው ገጣጠሙት።

የአየር ላይ ዕዝና ቁጥጥር ስኳድሮን የሚባለው፣ አውሮፕላን ውስጥ ተቀምጦ ውጊያን የሚመራው የአየር ኃይል ክፍል ሥራ በአጭሩ ይኸው የአያቴ ሥራ ነው። ማማውንም በርጩማውንም አንድ አውሮፕላን ውስጥ አስገብቶ ሰማይ ላይ ማቆየት። ሁለቱ ግን በአንድ ቀን የተፈጠሩ አይደሉም፤ መጀመሪያ የተሠራው ማማው ነው፤ በርጩማው የመጣው ኋላ ነው።

ከፍታ ለምን እንደሚያስፈልግ ከባሕር ዳር ዳርቻ የተሻለ የሚያስረዳ ቦታ የለም። ጣና ከሰሜን ወደ ደቡብ 84 ኪሎ ሜትር፣ ከምሥራቅ ወደ ምዕራብ 66 ኪሎ ሜትር ያህል ይሆናል። ውሃው ዳር የቆመ ሰው ግን የውሃውን ገጽ የሚያየው እስከ 5 ኪሎ ሜትር እንኳ በማይሞላ ርቀት ነው፤ ከዚያ ወዲያ የመሬት ክብነት ይጋርደዋል። ታንኳ ስትርቅ መጀመሪያ ደንገሉ ይጠፋል፣ ቀጥሎ የቀዛፊው ወገብ፣ በመጨረሻ ራሱና መቅዘፊያው። ያው ሰው ወደ ቤዛዊት ኮረብታ ቢወጣ የጠፋችው ታንኳ ተመልሳ ትታየዋለች። ራዳርም እንደ ዓይን ቀጥ ብሎ ስለሚያይ መሬት ላይ የተተከለ ራዳር ዝቅ ብሎ የሚበርር አውሮፕላንን የሚያገኘው በጣም ከቀረበ በኋላ ነው። ያንኑ ራዳር 9,000 ሜትር ከፍ ቢያደርጉት ግን የማየት አድማሱ ወደ 400 ኪሎ ሜትር ይጠጋል፤ ባሕር ዳር ላይ ሆኖ ጎርጎራን አልፎ ጎንደርን፣ ከጎንደርም ወዲያ ማየት ማለት ነው።

ይህን በሥራ ላይ ያዋለው በሁለተኛው የዓለም ጦርነት መጨረሻ የአሜሪካ ባሕር ኃይል ነው (ከዚህ በታች ያሉት ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓ አቆጣጠር ናቸው)። የጃፓን አጥፍቶ ጠፊ አብራሪዎች ውሃውን ተጠግተው እየበረሩ መርከቦች ላይ ሲወድቁ የመርከብ ራዳር ቀድሞ ሊያያቸው አልቻለም። ስለዚህ «ካዲላክ» በተባለ ፕሮጀክት አቬንጀር በተሰኘ አንድ ሞተር አውሮፕላን ሆድ ላይ ትልቅ ራዳር ተገጠመ። አውሮፕላኑ ያየውን በሬዲዮ ወደ መርከብ ይልካል፤ ውሳኔው የሚሰጠው መርከቡ ላይ ነው። ማማ ላይ ያለ ልጅ ማለት ይህ ነው፤ ያያል፣ ይጮኻል፣ አይወስንም። የፕሮጀክቱ ሁለተኛ ምዕራፍ ግን ራዳሩን በአራት ሞተር ቦምብ ጣይ ላይ ጭኖ፣ ከራዳሩ ጋር የሚያዩትንና የሚያዝዙትን ሰዎች አብሮ አሳፈረ። በርጩማው ወደ ሰማይ የወጣው በዚህ ጊዜ ነው፤ ጦርነቱ ግን እነዚህ አውሮፕላኖች ለውጊያ ሳይደርሱ በ1945 አበቃ።

የእኛው ቃኘው ሻለቃ በተዋጋበት በኮሪያ ጦርነት ደግሞ የተለየ ዓይነት ታየ። የአሜሪካ አየር ኃይል 6147ኛው የታክቲክ ቁጥጥር ስኳድሮን ከ1950 ጀምሮ ቲ-6 የተባለችውን ባለ ሁለት መቀመጫ የማሠልጠኛ አውሮፕላን በግንባሩ ላይ ዝቅ ብሎ ያበርር ነበር። ከፊት አብራሪው፣ ከኋላ ተመልካቹ ተቀምጠው የጠላትን ምሽግ በዓይናቸው ፈልገው ጄቶቹን በሬዲዮ ይመሩ ነበር። የጥሪ ስማቸው «ሞስኪቶ»፣ ማለትም ቢምቢ ነበር፤ ጣና ዳር ያደገ ሰው ይህ ስም ለምን እንደተሰጠ ማብራሪያ አያስፈልገውም። ሆኖም እነዚህም በዓይናቸው የሚያዩ፣ ገና «የቆሙ» ነበሩ።

ተቀምጦ ማየት በሙሉ ትርጉሙ የተገለጠው በቬትናም ጦርነት ጊዜ፣ በላኦስ ሰማይ ላይ ነው። የአሜሪካ 7ኛው የአየር ላይ ዕዝና ቁጥጥር ስኳድሮን ሲ-130 በተባለው የጭነት አውሮፕላን ሆድ ውስጥ ትልቅ የብረት ሣጥን አስገብቶ፣ በሣጥኑ ውስጥ መኮንኖችን በረድፍ አስቀምጦ ያበርር ነበር። በሰሜን ላኦስ ላይ የቀኑ ፈረቃ «ክሪኬት»፣ የሌሊቱ «አሊካት» በሚል ስም ይጠራ ነበር። ከዚህ ሁሉ እኔን የሚያስደንቀኝ ሣጥኑ መስኮት ያልነበረው መሆኑ ነው። ውስጡ የተቀመጠው መኮንን ከሺህ ሜትሮች ከፍታ ላይ ሆኖ ጫካውንም ወንዙንም መንገዱንም አያይም። የሚያየው ካርታና የመብራት ሰሌዳ ነው፤ የሚሰማው ደግሞ ብዙ ሬዲዮ። ዝቅ ብሎ የሚበርረው ጠቋሚ አብራሪ «መኪናዎች አየሁ» ይላል፣ ምድር ላይ ያለው ክፍል «ወገን እዚህ አለ» ይላል፣ ቦምብ የጫነው ጄት «ነዳጄ ሊያልቅ ነው» ይላል፤ መኮንኑ ይህን ሁሉ ገጣጥሞ ማን ወዴት እንደሚሄድ ይወስናል። ዘመናዊ በሆነው በኋለኛው የሣጥኑ ዓይነት ከ20 በላይ ሬዲዮዎች ነበሩ። አውሮፕላኖቹ በ1991 በባሕረ ሰላጤው ጦርነትና በ1999 በኮሶቮ ከሠሩ በኋላ በ2002 ከአገልግሎት ወጡ።

ሌላው ቅርንጫፍ ከዚህ ይበልጥ የሚከብድ አደራ ተሸክሟል። የኑክሌር ቦምብ ጣዮችንና ሚሳይሎችን ያዝዝ የነበረው የአሜሪካ ስትራቴጂክ የአየር ዕዝ ጠቅላይ መምሪያ ኔብራስካ ውስጥ፣ ኦፉት በተባለ የጦር ሰፈር ከመሬት በታች ነበር። ያ ጉድጓድ በኑክሌር ቢመታ ማን ያዝዛል የሚለውን ጥያቄ ለመመለስ «ሉኪንግ ግላስ»፣ ማለትም መስተዋት የተባለው የበረራ ተልዕኮ ተቋቋመ። መስተዋት የተባለው የምድሩን ዕዝ እንዳለ ስለሚደግም ነው። ከየካቲት 3 ቀን 1961 እስከ ሐምሌ 24 ቀን 1990፣ ከ29 ዓመት በላይ፣ አንድ ጄኔራል መኮንን ያለበት አውሮፕላን ሌት ተቀን ከሰማይ ወርዶ አያውቅም፤ ተተኪው ሳይነሣ በፊት የነበረው አያርፍም፤ አንዱ ፈረቃ 8 ሰዓት ይፈጅ ነበር። ከ1970 ጀምሮ ይህን ኃላፊነት የያዘው 2ኛው የአየር ላይ ዕዝና ቁጥጥር ስኳድሮን ነው። ከ1998 ወዲህ ሥራው ኢ-6ቢ ወደተባለው የባሕር ኃይል አውሮፕላን ተላልፏል፤ ይህ አውሮፕላን ውሃ ውስጥ ላሉ ሰርጓጅ መርከቦች ትእዛዝ ለማድረስ 8 ኪሎ ሜትር ያህል የሚረዝም የአንቴና ሽቦ ከኋላው እየጎተተ ይበርራል። 1ኛው ስኳድሮን ደግሞ ከቦይንግ 747 የተሠሩ አራት ኢ-4ቢ አውሮፕላኖችን ይዞ፣ በአደጋ ጊዜ ለፕሬዚዳንቱና ለመከላከያ ሚኒስትሩ የሰማይ ላይ ጽሕፈት ቤት ሆኖ ይጠባበቃል።

ሕዝብ በብዛት የሚያውቀው ጀርባው ላይ ከ9 ሜትር በላይ ስፋት ያለው ሰሐን የሚሽከረከርበትን ኢ-3ን፣ አዋክስ የሚባለውን ነው። ከ1977 ጀምሮ አገልግሎት ላይ ውሏል፤ በ1991 የባሕረ ሰላጤው ጦርነት ከ400 በላይ ተልዕኮዎችን በርሯል። ራዳሩና አዛዦቹ በአንድነት የተቀመጡበት በመሆኑ ማማና በርጩማ የተዋሐዱበት አውሮፕላን ቢባል ተገቢ ነው።

ይሁን እንጂ አባባላችን የሚፈተንበት ቀንም በዚሁ አውሮፕላን ላይ ደረሰ። ሚያዝያ 14 ቀን 1994 በሰሜን ኢራቅ ሰማይ ላይ ሁለት የአሜሪካ ኤፍ-15 ጄቶች ሁለት የአሜሪካ ምድር ጦር ብላክ ሆክ ሄሊኮፕተሮችን የጠላት መስለዋቸው መትተው ጣሉ፤ በውስጣቸው የነበሩ 26 ሰዎች በሙሉ ሞቱ። ከላይ አዋክስ ነበር። ሠራተኞቹ ቀደም ብለው ከሄሊኮፕተሮቹ ጋር በሬዲዮ ተነጋግረዋል፤ የጄቶቹንም ንግግር ይሰሙ ነበር። በአንድ ጓዳ ውስጥ ተቀምጠው አንዱ የሄሊኮፕተሮቹን ነገር፣ ሌላው የጄቶቹን ነገር ይዞ ነበር፤ ሁለቱ ነገሮች ግን አልተገናኙም፤ «ተው፣ የወገን ናቸው» ያለ ድምፅም አልተሰማም። ይህን ታሪክ ባነበብሁ ቁጥር የአያቴ ሦስት ጥያቄዎች ይመጡብኛል። ወንበር ላይ ማረፍ ለብቻው ሰውን ሽማግሌ አያደርገውም፤ ሽማግሌ የሚያደርገው ከሁሉም ወገን የተነገረውን አንድ ላይ ማኖር ነው። አባባሉን ልጅን ዝም ለማሰኘት ብቻ የሚጠቀሙበት ሰዎች የሚስቱት ይህን ነው፤ ማማ ላይ ያለው ልጅ ዝም ከተባለ ከታች የተቀመጠው ሽማግሌ የሚያየው አምስት ክንድ በቆሎ ብቻ ነው።

ምድር ላይ የሚንቀሳቀስ ተሽከርካሪን ከሩቅ ይከታተል የነበረው ኢ-8 አውሮፕላን በ2023 መጨረሻ ላይ ተሰናብቷል። ሥራው ወደ ሳተላይትና ምድር ላይ ወዳሉ የዕዝ ክፍሎች እየተከፋፈለ ነው። ማማው ከቀድሞው እጅግ ከፍ ብሎ ሲወጣ በርጩማው ወደ መሬት እየተመለሰ ነው ማለት ነው።

ስለ አጠቃቀሙ የሚቀረኝ አንድ ነገር አለ። አባባሉ በሽማግሌ አፍ ሲነገር ተግሣጽ ይመስላል፤ በወጣት አፍ ሲነገር ግን ልመናም አክብሮትም ነው። በእኛ በኩል የተጣሉ ወንድማማቾች ሽማግሌ ፊት ሲቀርቡ ታናሹ ነጠላውን አስተካክሎ እጅ ይነሣና ነገሩን ከመጀመሩ በፊት እንዲህ ይላል፦ «አባቶቼ፣ እኛ ቆመን ያላየነውን እናንተ ተቀምጣችሁ እዩልን፤ እኔ ያየሁትን እናገራለሁ፣ እሱም ያየውን ይናገር።»