በፓልወርልድ ቤዝ ምንድን ነው? ከግድግዳው ይልቅ የእግር መንገዱ

ፓልወርልድ የተባለውን የኮምፒውተር ጨዋታ አዲስ የጀመረ ሰው «ቤዝ ሠራሁ» ሲል አብዛኛውን ጊዜ ቤት ሠራሁ ማለቱ ነው፤ አራት ግድግዳ፣ ጣሪያ፣ አልጋ፣ በሩ ላይ ችቦ። ጨዋታው ግን ቤቱን ከቁም ነገር አይቆጥረውም። ቤዝ ማለት ፓልቦክስ የሚባለው ማሽን የተተከለበት ቦታና በዙሪያው ያለው ክብ ክልል ነው። በዚያ ክልል ውስጥ ያሰማራችኋቸው ፓሎች፣ ማለትም የጨዋታው ፍጡራን፣ ማንም ሳይቀሰቅሳቸው ሥራ ፈልገው ይሠራሉ፣ ይበላሉ፣ ይተኛሉ። ከክልሉ አንድ ክንድ ወጣ ብሎ የቆመ ዛፍ ግን ለእነሱ የለም፤ አይቆርጡትም።

ጨዋታውን ለማያውቀው፦ ፓልወርልድ ፖኬትፔር የተባለ የጃፓን ኩባንያ የሠራው ነው። ገና ሳያልቅ ለሽያጭ የቀረበው ጥር 10 ቀን 2016 ዓ.ም. ነበር፤ ባሕር ዳር ታቦታቱን ለመሸኘት በወጣችበት በከተራ ዕለት ማለት ነው። በአንድ ወር ውስጥ 25 ሚሊዮን ተጫዋች አገኘ። ተጫዋቹ ፓልፓጎስ በሚባሉ ደሴቶች ላይ ባዶ እጁን ይነሣል፤ ፓል የሚባሉትን ፍጡራን እየያዘ ያላምዳል፤ ግማሾቹን ይዞ ይዘምታል፣ የቀሩትን ቤዝ ላይ ያሠራል። የዚህ ጽሑፍ ጉዳይ የቀሩት ናቸው።

ቤዝ ማቀድ ያስፈለገው ሁለት ነገሮች በልክ ስለተሰጡ ነው። አንደኛው ቦታ ነው፤ ክቡ አይለጠጥም። ሁለተኛው የሠራተኛ ቁጥር ነው፤ በመደበኛው ሴቲንግ አንድ ቤዝ ላይ ማሠራት የሚቻለው እስከ 15 ፓል ብቻ ነው፣ እሱም ቤዙ ደረጃ በደረጃ ሲያድግ። በስተመጨረሻ ሁሉም ሰው አሥራ አምስት ሠራተኛ ይኖረዋል። አንዱ ኢንጎት (ከማዕድን የቀለጠ ብረት) በዝቶ ማስቀመጫ ሲያጣ ሌላው ገና በድንጋይ መሣሪያ ሲንከራተት የምናየው ግን የፓሎቹ ቀን ምን ላይ እንደሚያልቅ ስለሚለያይ ነው። የፓል ቀን የሚያልቀው ከሥራው ይልቅ በመንገድ ላይ ነው።

እዚህ ላይ ጨዋታው እንዴት እንደሚሠራ ቀረብ ብሎ ማየት ይበጃል፤ ብዙ ሰው ገልብጦ ነው የሚረዳው።

ማቅለጫ ምድጃውን እንውሰድ። ሁለት የብረት ማዕድን ገብቶ አንድ ኢንጎት ይወጣል። ጀማሪው «ማዕድኑን ወደ ምድጃው የሚሸከም ፓል ያስፈልጋል» ብሎ ምድጃውን ከማዕድኑ ሳጥን ጋር ያጣብቃል። አያስፈልግም። ምድጃው ላይ «አሥር ኢንጎት» ብላችሁ ስታዙ ሃያው ማዕድን በቤዙ ክልል ውስጥ ካለ ከየትኛውም ሳጥን በራሱ ይመጣል፤ ማንም አይሸከመውም። እሳት የሚያነድ ፓል፣ ለምሳሌ ፎክስፓርክስ፣ ምድጃው ዘንድ ይቆማል፣ ያነዳል፣ አበቃ። እግር የሚያስፈልገው ከዚያ በፊትና ከዚያ በኋላ ነው። ከዚያ በፊት፣ ቆፋሪው ድንጋዩን ሲፈልጠው ማዕድኑ መሬት ላይ ይበተናል፤ ተሸካሚ ፓል መጥቶ ለቅሞ ሳጥን ውስጥ ይከተዋል። ከዚያ በኋላ፣ ያለቀው ኢንጎት ከምድጃው ወጥቶ ሳጥን ሊገባ ይገባል። ወደ ማሽኑ የሚገባው ነገር መንገድ የለውም፤ ከማሽኑና ከመሬት የሚነሣው ነገር ነው መንገድ ያለው።

ይህን የያዘ ሰው ሳጥን የሚያስቀምጥበት ቦታ ወዲያው ይለወጣል። የተለመደው አሠራር ሳጥኖቹን ሁሉ በአንድ ጥግ፣ ጣሪያ ሥር፣ እንደ መጋዘን መደርደር ነው። ያምራል፣ ለተጫዋቹም ይመቸዋል፤ ግን ቆፋሪው ያለው በክልሉ ወዲያኛው ጫፍ ከሆነ ተሸካሚው ቀኑን ሙሉ ሲመላለስ ይውላል፣ መሬት ላይ የተበተነው ማዕድንም እየተከመረ ይሄዳል። ሳጥኑን ነቅላችሁ ማዕድኑ ከሚወድቅበት ሥር አስቀምጡት። አንዱ ለማዕድኑ፣ አንዱ ለእንጨቱ፣ አንዱ ከእርሻው ጠርዝ። ተበታተነ ብላችሁ አትጨነቁ፤ ስትሠሩ ማሽኑ ከሁሉም ይሰበስባል።

የጎጃም የገጠር ግቢን ያየ ሰው ለዚህ ነገር እንግዳ አይደለም። በረቱ ቤቱን ተጠግቶ ነው የሚሠራው፤ የበረቱ ፍግ የሚወጣው ወደ ጓሮ ነው፤ በርበሬው፣ ጎመኑ፣ ዱባውና ጌሾው ያሉትም እዚያው ጓሮ ነው። ፍግን ያህል ከባድ ነገር በየቀኑ ተሸክሞ ሩቅ የሚሄድ የለም፣ ስለዚህ ፍግ የሚበላው ተክል ወደ በረቱ መጣ። በቀን ብዙ ጊዜ የሚነሣ ነገር አጭር መንገድ፣ በዓመት አንዴ የሚነሣ ነገር ረጅም መንገድ ያገኛል። የቤዝ እቅድ ከዚህ ሌላ ምስጢር የለውም።

እርሻው ራሱን የቻለ ጉዳይ ነው፣ ምክንያቱም ሦስት ዓይነት ሠራተኛ በተራ ይፈልጋል፤ አንዱ ዘር ይዘራል፣ ሌላው ውኃ ያጠጣል፣ ሦስተኛው ይለቅማል። ከሦስቱ አንዱ ከጎደለ መደቡ ቆሞ ይጠብቃል። ውኃ አጠጪው አንድ ብቻ ሆኖ ወፍጮውንም እሱ የሚያዞር ከሆነ ችግሩ ይመጣል፤ ወፍጮም ድንጋይ መፍጫም የሚንቀሳቀሱት በውኃ ፓል ነው። ዱቄት ባዘዛችሁ ቁጥር እርሻው ይደርቃል። ስለዚህ የውኃ ፓል ሁለት ይሁን፣ መደቦቹም እርስ በርስ ይነካኩ። ይህ በተለይ ኬክ መሥራት ስትጀምሩ ይገባችኋል። ፓሎችን ለማራባት የሚያስፈልገው ኬክ 5 ዱቄት፣ 8 ቀይ ቤሪ፣ 7 ወተት፣ 8 እንቁላልና 2 ማር ይበላል። ወተቱ ከሞዛሪና፣ እንቁላሉ ከቺኪፒ፣ ማሩ ከቢጋርድ ነው፤ ሦስቱም የግጦሽ ቦታ ላይ የሚውሉ ናቸው፣ ያፈሩትንም መሬት ላይ ጥለውት ይሄዳሉ። የሚለቅምና የሚሸከም ከሌለ ወተቱ ሣር ላይ ይቀራል። የግጦሽ ቦታው አጠገብ ሳጥን ከሌለ ኬክ አይታሰብም።

አሁን ወደ ሠራተኞቹ። የሥራ ዓይነቶቹ 12 ናቸው፤ እሳት ማንደድ፣ ውኃ ማጠጣት፣ መዝራት፣ ኤሌክትሪክ ማመንጨት፣ የእጅ ሥራ፣ መልቀም፣ እንጨት መቁረጥ፣ ማዕድን መቆፈር፣ መድኃኒት መቀመም፣ ማቀዝቀዝ፣ መሸከምና እርባታ። እያንዳንዱ ፓል የተወሰኑትን ይችላል፣ በደረጃም ይበላለጣሉ። መጀመሪያ ላይ ካቲቫን የመሰለ አራት ሥራ የሚነካካ ፓል ወርቅ ነው፤ ሠራተኛ ባልሞላበት ቤዝ ሁሉንም ክፍተት ይሸፍናል። ቁጥሩ ሲሞላ ግን እኔ የምመርጠው አንድ ሥራ ብቻ የሚያውቀውን ነው። ዲግቶይዝ ከመቆፈር በቀር ምንም አያውቅም፣ በመቆፈር ደግሞ ደረጃ 3 ነው። ማዕድኑ ዘንድ ይሄዳል፣ እዚያው ይውላል። አኑቢስ በእጅ ሥራ ደረጃ 4፣ በመቆፈር 3፣ በመሸከም 2 ስለሆነ ሁሉም ሰው ይመኘዋል፤ ልክም ነው፣ ግን ጠረጴዛው ላይ መሣሪያ ሲሠራ ቆይቶ ማዕድን ሊቆፍር ሲሄድ ታገኙታላችሁ። ሞኒተሪንግ ስታንድ የሚባለውን ስትሠሩ የማትፈልጉትን ሥራ መከልከል ይቻላል፤ እስከዚያ ድረስ ፓሉን አንሥቶ የሚፈለገው ሥራ ላይ መወርወር አለ። ሲወረወር አይቆጣም።

ምግብ፣ አልጋና ፍል ውኃ። ሰው ሁሉ መጨረሻ ላይ የሚያስባቸው እነዚህ ናቸው። ፓል ሲሠራ ሳን የሚባለው የአእምሮ ጤንነቱ ይቀንሳል፤ ዝቅ ሲል ይለግማል፣ ከልክ በላይ ይበላል፣ ይታመማል። ጥሩ ምግብና ፍል ውኃ ይመልሱታል። ኮምፒውተር በምንጠግንበት ቤት የሚመጣ አንድ ልጅ ባለ ፎቅ የድንጋይ ቤት ሠርቶ ነበር፤ በእውነት ቆንጆ። «ጋሼ፣ ፓሎቼ ታመሙብኝ። ምን መድኃኒት ልሥራላቸው?» አለኝ። ወጥተን ስናይ የመኖ ሳጥኑ ፎቅ ላይ ነው። ትንንሾቹ ይወጣሉ፤ ትልልቆቹ ደረጃው ሥር ግድግዳውን እየገፉ ቆመዋል፣ አንዱ ጭራሽ ጣሪያ ላይ ወጥቶ ቀርቷል። «መድኃኒቱን ተወው አንተ፣ ሳጥኑን አውርደው» አልኩት። ቅር አለው፤ ፎቁን በእንጨት ጀምሮ በድንጋይ የጨረሰው ለፍቶ ነው። ፓሎች መንገድ ፍለጋ ላይ ብልህ አይደሉም፤ ጠባብ በር፣ ደረጃ፣ ተዳፋት ሁሉ ያሸንፋቸዋል። ጣሪያ የሚያስፈልጋችሁ ከሆነ ለራሳችሁ አልጋና ለሥራ ጠረጴዛው ይሁን፤ የቀረው ሜዳ ላይ ይዋል።

ብዙ ልጆች ደሴት ይመርጣሉ። ጣናን እያየ ያደገ ልጅ በውኃ የተከበበ ቦታ ሲያይ ልቡ መሄዱ አያስገርምም፤ ጨዋታውም ያባብላል፣ ሰኔ 2016 ሳኩራጂማ የተባለውን ደሴት፣ ታኅሣሥ 2017 ደግሞ ፌይብሬክን ጨምሯል። ትንሽ ደሴት ላይ ቤዝ መትከል ጥቅሙ የሚታየው ወረራ ሲመጣ ነው። ወራሪዎቹ አብዛኞቹ በእግር የሚመጡ ስለሆኑ የሚገቡበትን አቅጣጫ አስቀድማችሁ ታውቃላችሁ። ጉዳቱ ደግሞ ክቡ ነው። ደሴቱ ጠባብ ከሆነ የክቡ ግማሽ ውኃ ላይ ያርፋል፣ ውኃ ላይ የሚቆፈር ማዕድን የለም። ፓልቦክሱን ከመትከላችሁ በፊት ዙሩት፤ ሜዳው ምን ያህል ነው፣ የብረት ማዕድኑ ስንት ቦታ አለ፣ በመካከሉ ገደል አለ ወይ። ማዕድን በተፈጥሮ የሚገኝበት ድንጋይ ተቆፍሮ ካለቀ በኋላ መልሶ ይበቅላል፤ ላዩ ላይ መሠረት ከጣላችሁበት ግን አይመለስም። ይህን ሳያውቅ ምርጡን ማዕድን በወለል የሸፈነ ብዙ ነው።

ሁለተኛ ቤዝ ሲፈቀድ የመጀመሪያውን መድገም አያስፈልግም። አንደኛው ሜዳ ላይ ይሁንና እርሻውን፣ ግጦሹንና ወጥ ቤቱን ይያዝ፤ ሁለተኛው ማዕድን ያለበት ዳገት ላይ ይሁንና ቆፋሪ፣ ተሸካሚና የመኖ ሳጥን ብቻ ይኑረው። እዚያ ግንብ አያስፈልግም። የእንጨት ግድግዳ እንኳ ባይሠራ ይሻላል፤ እሳት የሚተፋ ወራሪ ሲመጣ እንጨቱ ይቀጣጠላል።

አርክ የሚባለውን ጨዋታ የሚያውቁ ይህን ሁሉ ሲሰሙ ግራ ይገባቸዋል፣ ምክንያቱም እዚያ ነገሩ ሌላ ነው። አርክ መጀመሪያ የወጣው በ2015 እ.ኤ.አ. ሲሆን ዳይኖሰሮቹ ብቻቸውን ሄደው አይቆፍሩላችሁም። አንኪሎሳውረስ የተባለው ዳይኖሰር ላይ ተቀምጣችሁ ብረቱን የምትቆፍሩት እናንተ፣ አርጀንታቪስ በተባለው ግዙፍ ወፍ አስጭናችሁ የምትመልሱትም እናንተ ናችሁ። በአርክ የሚያጥረው የተጫዋቹ መንገድ ነው፣ በፓልወርልድ የፓሉ። ስለዚህ የአርክን ቤዝ ቅርጽ ገልብጦ ወደ ፓልወርልድ ማምጣት አይሠራም፤ ያ ትልቅ አጥርና ግዙፍ በር እዚህ ፓሎቹን ከማሰናከል በቀር ጥቅም የለውም።

ለእኛ አካባቢ የሚሆን አንድ ነገር ልጨምር። ጨዋታው 16 ጊጋባይት ራምና 40 ጊጋባይት ያህል ባዶ ቦታ ይፈልጋል፤ በሞባይል ዳታ ማውረድ ኪስ ያራቁታል፣ አንዱ ያወረደውን በሃርድ ዲስክ መቀባበሉ ይሻላል። ተሰብስቦ ለመጫወት ደግሞ አንዱ ዓለሙን ከፍቶ ሌሎቹ በኮድ ይገባሉ፣ በድምሩ እስከ አራት ሰው። የከፈተው ሰው ቤት መብራት ከጠፋ አራቱም ይወጣሉ። ስለዚህ ዓለሙን የሚከፍተው ከሁሉ ጠንካራ ኮምፒውተር ያለው ሳይሆን ባትሪው ደህና የሆነ ላፕቶፕ ያለው ልጅ ይሁን። ደብረ ማርቆስ ያለው ባሕር ዳር ካለው ጋር ሲጫወት ደግሞ የሁለቱም ኢንተርኔት ባለበት ሰዓት ይሁን፤ የሚዘገይ ኔትወርክ ላይ ፓሎቹ ሥራ የፈቱ መስለው ይታያሉ፣ ሰውም ያለ ጥፋቱ ቤዙን ነቅሎ እንደገና ይተክላል።